«ከአዲስ ጀምር» የሚለውን እንዳትጫኑ

ክርስቲያን የአክስቴ የእትዬ ብርቅዬና የባለቤታቸው የጋሽ መሸሻ ልጅ፣ የሶፊ ወንድም ነው። እናቴ ከሞተች በኋላ እኔንም እትዬ ስላሳደጉኝ አንድ ቤት፣ አንድ ፍራሽ ላይ ነው ያደግነው፤ ኮልፌ 18 ማዞሪያ። በጥቅምት 2017 ወደ አስኮ የተሳፈረበት ታክሲ ተገልብጦ ሞተ። እኔ ጆሃንስበርግ ነበርኩ። አልነገሩኝም። የሰማሁት በመጋቢት ነው። በመካከሉ የተጻጻፍነውን፣ ከዚያም በኋላ ያለውን ጥቂት፣ እንዳለ አስቀምጬዋለሁ።

መዝገቡ


ኮልፌ፣ ኅዳር 14 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ልጅ፣ ለዓይኔ ማረፊያ ለመዝገቡ፤

እንዴት ሰነበትክልኝ? እኛ ፈጣሪ ይመስገን ሁላችንም ደህና ነን። ጋሽ መሸሻ ጉልበቴን ከማለት በቀር ደህና ነው። ሶፊ እዚያው ፋርማሲዋ ውላ ትገባለች። ክርስቲያንም ደህና ነው።

በስልክ ስለጠፋሁ እንዳትቀየመኝ። የኔ ስልክ ድምፅ አልወስድ ብሏል፤ የሚያሠራልኝም ጠፋ። ስለዚህ እንደ ድሮው በወረቀት እየጻፍኩ ሶፊ ፎቶ አንስታ ትልክልሃለች። ምን ይደረግ፣ እርጅና ነው በለኝ።

ዛሬ የጻፍኩልህ ለአንድ ጉዳይ ነው። ለክርስቲያን የላክህለት ጌም ነበር አይደል? ሳሎኑን ቀለም ልናስቀባ ስንል ጎረቤት ተረባርቦ ሶፋውንም ቴሌቪዥኑንም ሲያወጣ፣ እሱንም ከግድግዳ ነቅለው ጓዳ ወረወሩት። እንዴት ነው የሚጠፋው ብሎ የጠየቀ ሰው የለም። ትናንት ሶፊ ብትሰካው በእንግሊዝኛ «በአግባቡ አልዘጋችሁኝም» ብሎ ወቀሳት። እሷ ደግሞ ሁሉም ይጥፋና ከአዲስ ይጀመር፣ ካልሆነም ይሸጥ እያለች ታደርቀኛለች። እኔ እሱ የሠራው እንዲጠፋ አልፈልግም። እንዳይጠፋ ምን ይደረጋል? ክርስቲያን ሥራ በዝቶበት ነው እኔ የምጠይቅህ።

እጅህ ያለበትን ሁሉ ይባርክልህ። ሱቅህን በጊዜ ዝጋ፤ ሲጨልም ለማንም እንዳትከፍት።

አክስትህ ብርቅዬ


ጆሃንስበርግ፣ ኅዳር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለተከበሩ አክስቴ ለእትዬ ብርቅዬ፤

ጤናዎ እንዴት ነው? ጋሽ መሸሻስ? እኔ በእናንተ ጸሎት ደህና ነኝ። ደብዳቤ! ሶፊን «ቴምብሩስ የታል?» ብዬ ስጠይቃት ሳቅ እንኳ አላለችም። ምን ሆናለች ይቺ ልጅ?

ወደ ጉዳዩ ልግባ። መብራቱ ብርቱካናማ ከሆነ ማሽኑ ተኝቷል እንጂ አልጠፋም። ተኝቶ ሳለ መንቀል፣ ሰው እየጻፈ እስክሪብቶ እንደ መንጠቅ ነው። አሁን ራሱን ይፈትሻል፤ እስኪጨርስ አትንኩት። መብራት ሄድ መለስ የሚልበት ቀን ከሆነ ጭራሽ አታስነሱት።

ክርስቲያን የሚጫወተው መንደር የሚሠራበትን ጌም ነው። ለአንድ ማሽን አንድ መንደር ብቻ ነው የሚፈቀደው። ሶፊ «ከአዲስ ጀምር» የሚለውን ከተጫነች ሁለት ጊዜ ያስጠነቅቃታል። ሁለቱንም «አዎ» ካለች ልጁ አራት ዓመት የለፋበት ድራሹ ይጠፋል። ሌላ ጌም ቢሆን ፍላሽ ላይ ይገለበጥ ነበር፤ ይሄኛው ግን አይፈቅድም። ያለው መንገድ ክላውድ የሚሉት፣ ኢንተርኔት ላይ ያለ ማስቀመጫ ነው። አካውንቱን የከፈትኩለት እኔ ስለሆንኩ ከዚህ ሆኜም አየዋለሁ። እዚያ ግን የሚቀመጠው አንድ ቅጂ ነው፤ አዲሱ ሲገባ አሮጌው ይጠፋል። ማሽኑ ላይ ያለውና ክላውዱ ላይ ያለው ካልተስማሙ «የቱን ላስቀር?» ይላችኋል። ያኔ «በኋላ» የሚለውን ተጫኑ። ሳትነግሩኝ እንዳትመርጡ አደራ።

እንዲያው እትዬ፣ ይሄን ሁሉ ክርስቲያን ከእኔ በላይ ያውቀዋል እኮ። ከጥቅምት ወዲህ ለጻፍኩለት አንድም መልስ የለውም። አስቀይሜው ይሆን? ካስቀየምኩት ይስደበኝና ይውጣለት። ዝም ማለት ግን ከየት ያመጣው ጠባይ ነው?

ሁላችሁንም በያላችሁበት ሰላም ያውላችሁ።

ልጅዎ መዝገቡ


ኮልፌ፣ ጥር 6 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለመዝገቡ፤

ሰላምታዬ ካለህበት ይድረስህ። ዘገየሁብህ። ሰው በዝቶብን ነበር፤ የጋሽ መሸሻ ዘመዶች ከአገር ቤት ወጥተው ቤቱ ሞልቶ ሰነበተ።

እንዳልከው አደረግን። ራሱን ፈትሾ ሲጨርስ ተከፈተ። ተመስገን፣ አልጠፋም። «የቱን ላስቀር?» ሲለን «በኋላ» አልነው። በተከፈተ ቁጥር ይጠይቃል፤ በተከፈተ ቁጥር «በኋላ» እንላለን።

መዝጌ፣ ያንን መንደር አይተኸዋል? እኔ የልጅ መጫወቻ ነው ብዬ ዞር ብዬም አላየሁት ነበር። ማዞሪያውን ሠርቶታል፤ ከነኪዮስኮቹ። የእኛን ቤት ከነቆርቆሮ አጥሩ ሠርቶታል። ከእኛ ቀጥሎ ላንተም ቤት አቁሞልሃል፤ አልጋ ተነጥፎበታል። ሰዎቹ ሶፊ ስትገባ እየሮጡ መጥተው ከበቧት። አንዱ ዓሣ ሻጭ ሽማግሌ «ክርስቲያን! የት ጠፍተህ ነው? ሣሩ እኮ አገሩን ወረሰው» አላት። ሶፊ ይቺን ተርጉማልኝ ጆይስቲኩን አስቀመጠችና ወደ ጓዳ ገባች።

ክርስቲያን ሥራ አግኝቶ ቦንጋ አካባቢ መንገድ ሥራ ላይ ነው። ኔትወርክ የሚባል ነገር የለም አሉ። ለዚያ ነው የማይጽፍልህ እንጂ አንተን ምን ብሎ ይቀየምሃል።

አንድ ነገር ጠይቂልኝ ብላኛለች ሶፊ፦ ምንም ሳይመዘገብ ገብቶ ማየት ይቻላል? እሱ የተወው እንደተወው ሆኖ፣ ዞር ዞር ብሎ ብቻ መውጣት?

የሰማዩ አባት ከክፉ ዓይን ይጋርድህ።

አክስትህ ብርቅዬ


ጆሃንስበርግ፣ ጥር 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ ብርቅዬ፤

ሰላም ለእርስዎ ይሁን። ጥያቄዎን ልመልስና ወደ ራሴ ልመለስ። አይቻልም። ያ ጌም ሳትጠይቁት ነው የሚመዘግበው። አንድ እርምጃ ከሄዳችሁ ይመዘግባል። በር ከከፈታችሁ ይመዘግባል። የገባ ሰው ዱካውን ትቶ ነው የሚወጣው።

አሁን የእኔን ይስሙኝ። ክርስቲያን ጌሙ ውስጥ ሲገባ ስልኬ ላይ ከስሙ ጎን አረንጓዴ ነጥብ ይበራል። ከኅዳር ወዲህ በየቀኑ ቀትር ላይ ይበራል። እትዬ፣ ቦንጋ ያለ ሰው ኮልፌ ሳሎን ውስጥ ጌም ይጫወታል? ሶፊ ናት እንዳይሉኝ፤ ሶፊ ቀትር ላይ ፋርማሲ ናት።

እኔ እዚህ በብረት ፍርግርግ ተከልዬ ዳቦና የሞባይል ካርድ ስሸጥ ነው የምውለው። ያ ነጥብ ሲበራ ስልኬን ሚዛኑ ላይ አስደግፌ አየዋለሁ። «ሰላም» እለዋለሁ። ዝም። «ወንድሜ» እለዋለሁ። ዝም። ነጥቡ እንደበራ አንድ ሰዓት ይቆይና ይጠፋል። ይሄ ሰው እያየኝ ነው ዝም የሚለኝ። ጠላት እንኳ እንዲህ አያደርግም።

ደብቁኝ ብሏችሁ ከሆነ ንገሩልኝ፦ አንድ ቀን በኔትወርክ ገብቼ መንደሩ ድረስ እመጣበታለሁ። በሩን ለእኔ ሁልጊዜ ክፍት ነው የሚተወው።

አክባሪዎ መዝገቡ


ኮልፌ፣ የካቲት 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

መዝጌ ልጄ፣ ጤና ይስጥልኝ።

አሞኝ ነበር፤ አሁን ይሻለኛል። እባክህ እዚያ ጌም ውስጥ አትምጣ። በሥላሴ። ክርስቲያን ሲመጣ ራሱ ይደውልልሃል።

ይልቅ ይሄን ንገረኝ። ብቻህን ነው የምታድረው? ማታ አብሮህ የሚሆን ሰው የለም? እዚያ የአበሻ እድር አለ ሲሉ ሰምቻለሁ፤ ገብተሃል? የእድሩን ዳኛ ስም ከነስልኩ ላክልኝ። ለምን ብለህ አትጠይቀኝ። እናት ብትኖርህ የምትጠይቅህ ነው።

ብርቅዬ


ጆሃንስበርግ፣ መጋቢት 3 ቀን 2017 ዓ.ም.

እትዬ፤

የእድሩን ዳኛ ስልክ ከላክሁ ሁለት ሳምንት ሆነ። ለምን እንደፈለጉት ያልገባኝ መስዬ ኖርኩ።

ዛሬ ቀትር ላይ ነጥቡ በራ። ገባሁ። በሩ ክፍት ነበር። ክርስቲያን ማዞሪያው ላይ ብቻውን ቆሟል፤ በነጭ ካናቴራ። ሠፈር ውስጥ እንኳ ያለ ጃኬት የማይወጣ ልጅ! «ክርሴ፣ እኔ ነኝ» ብዬ ጻፍኩለት። ዞሮ አየኝ። ከዚያ ሮጠ። እትዬ፣ እንደ ባለጌ ልጅ ሳይሆን እንደ ፈራ ሰው ሮጠ፤ አጥሩ ጋር ተጋጨ፣ ተነሳ፣ በሩን አጣው፣ አገኘው፣ ገብቶ ዘጋ። ክርስቲያን ያንን መንደር ዓይኑን ጨፍኖ ነው የሚሄድበት። በሩን አያጣውም።

ቆሜ ስጠብቅ ሰዎቹ መጡ። ዓሣ ሻጩ ሽማግሌ የክርስቲያንን ቢጫ ጃኬት ለብሷል። ዳቦ ጋጋሪዋ ኮፍያውን አድርጋለች። ፖስተኛው ሹራቡን፣ እኔ ራሴ በስጦታ የላክሁለትን። አንዱም አልቀረም፤ ሁሉም የእሱን ለብሰው ከበቡኝ። «እንኳን ደህና መጣህ» ይሉኛል።

በእኛ ቤት የሰው ልብስ እንዲህ የሚከፋፈለው መቼ እንደሆነ አውቃለሁ። የእናቴ ልብስ ሲከፋፈል ነጠላዋን ይዤ አልለቅም ያልኩት እኔ ነኝ። ጣቴን አንድ በአንድ ያላቀቁኝ እርስዎ ነዎት።

ክርስቲያን የት ነው?

መዝገቡ


ኮልፌ፣ መጋቢት 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ፣ ይሄ በወረቀት የሚመለስ ጥያቄ አይደለም። ቅዳሜ ጠዋት ሱቅህን አትክፈት። የእድሩ ዳኛ ጋሽ ወንድይፍራው ሁለት ሰው ይዘው ይመጣሉ። በሩን ክፈትላቸው። እስከዚያ ውኃ ጠጣ፣ እህል ቅመስ። በፍጹም ብቻህን አትሁን።

ብርቅዬ


ጆሃንስበርግ፣ ቅዳሜ መጋቢት 6

መጥተዋል። ሦስቱም ጥቁር ካፖርት ለብሰው ፍርግርጉ ፊት ቆመዋል። ያዩኛል፤ አያቸዋለሁ። ጋሽ ወንድይፍራው «ልጄ፣ ክፈትልንና ቁርስ አብረን እንብላ» ይሉኛል፤ ድምፃቸው ለስላሳ ነው። አንደኛው ዳቦ ይዟል።

አልከፍትም እትዬ። እስካልከፈትኩ ድረስ ማንም ምንም አልነገረኝም። ይቁሙ። ሲመሽ ይሄዳሉ።


ኮልፌ፣ ቅዳሜ መጋቢት 6

መዝገቡ፣ ሰማኝ።

ወጉን አውቃለሁ። መርዶ በእናት አፍ አይነገርም። ለዚህ ብዬ ነው አምስት ወር የታገልኩት። ጋሽ መሸሻ «ብቻውን ነው፣ በባዕድ አገር፣ የሚይዘው የለም፤ ሰምቶ አንድ ነገር ቢሆን ሁለት ሬሳ ነው የምንቀብረው» አለ። እውነቱን ነው ብዬ ዝም አልኩ። ስልኬ ደህና ነበር፤ ድምፄን አላምነው ብዬ ነው። ሳሎኑም ቀለም አልተቀባም፤ ለለቀስተኛ ነው የተለቀቀው። ቀትር ላይ የምገባው እኔ ነኝ። ጆይስቲክ መያዝ ሶፊ እያለቀሰች ነው ያስተማረችኝ።

ልብሱንም ያከፋፈልኩት እኔ ነኝ። የእውነቱን ግን ቁም ሣጥኑን መክፈት አቅቶኛል። ሴቶቹ «ብርቅዬ፣ ለነዳያን ይሰጥ፣ ነፍሱን ያሳርፋል» እያሉ ይመክሩኛል፤ ቁልፉን ጡቴ ሥር ይዤ እምቢ አልኩ። እዚያ ግን አስቻለኝ። ለእያንዳንዱ በስሙ እየጠራሁ ሰጠሁ። አመስግነው እዚያው ለበሱት። ከዚያ ወዲህ ቢጫው ጃኬት ከፊቴ ሲሄድ ባየሁ ቁጥር «ክርሴ» እያልኩ እከተለዋለሁ። ዞር ሲል ሽማግሌው ነው። በየቀኑ እንደማይሆን እያወቅሁ እከተለዋለሁ። አንተም ስትመጣ ስምህን አየሁ፤ ምን ብዬ ፊትህ እቆማለሁ? ሮጥኩ።

እንግዲህ ካልከፈትክላቸው ወግም ይቅርብኝ። ክርስቲያን ሞቷል። ጥቅምት ላይ፣ አስኮ መንገድ ላይ። ቀብረነዋል። ወንድምህ የለም፣ የኔ ጌታ።

አሁን ተነግሮሃል። በሩን ክፈትና ሰው ይያዝህ።

ብርቅዬ


ጆሃንስበርግ፣ ሚያዝያ 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ ብርቅዬ፤

ያጽናዎት። እስካሁን ማንም «ያጽናዎት» እንድልዎ አልፈቀደልኝም ነበር።

ከፈትኩላቸው። ሦስት ቀን አብረውኝ አደሩ። ጋሽ ወንድይፍራው ጭንቅላቴን ታቅፈው «አልቅስ፣ ያንተ ቀን ዛሬ ነው» አሉኝ። እናንተ ጨርሳችሁ እንባችሁን ስትጠርጉ እኔ ጀመርኩ። ተቆጥቻለሁ፤ አልዋሽዎትም። ከእኔ በቀር አገር ምድሩ ያውቃል። ኪዮስኩ ያውቃል። የታክሲ ረዳቱ ሳይቀር ያውቃል። እኔ እዚህ «ሰላም፣ ወንድሜ» እላለሁ።

ሶፊ አሁንም ከአዲስ ይጀመር እንደምትል ጽፋልኛለች። «እማዬን ከዚያ ቤት አውጡልኝ» ነው የምትለው። ማሽኑ ከመጠረጉ በፊት መንደሩ ክላውድ ላይ መቀመጥ አለበት። እዚያ ላይ ደግሞ የክርስቲያን የመጨረሻው አለ፤ ከመውጣቱ በፊት በነበረው ማታ የተመዘገበው። አልከፈትኩትም። ከከፈትኩት ዱካዬ ይገባበታል። ከጎኑ ግን ትንሽ ፎቶ አለው፦ ክርስቲያን በጃኬቱ በራፋችን ላይ ቆሟል።

የእርስዎን ካስገባን የእሱ ይጠፋል። የእሱን ካስቀረን የእርስዎ አምስት ወር ይጠፋል። ሦስተኛ መንገድ ፈልጌ አጣሁ። እኔ ብሆን የእሱን አስቀር ነበር። እዚያ ሁሉም ነገር እንደነበረ ነው፤ ልብሱም ልብሱ ነው፤ ማንም ምንም አልሰማም።

ይምረጡ። እርስዎ ያሉትን አደርጋለሁ።

ልጅዎ መዝገቡ


ኮልፌ፣ ሚያዝያ 25 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለመዝገቡ፤

እንባህን ያበሰልህ አምላክ ዕድሜህን ያርዝምልኝ። ቁጣህን ተቀብያለሁ፤ ስትመጣ ፊት ለፊት ቁጣኝ።

ለመመለስ የዘገየሁት ልቤ አልቆርጥ ብሎኝ ነው። ጋሽ መሸሻ «የልጁን አትንኩ፣ እንደነበረ ይቅር» አለ። ሦስት ቀን እሺ አልኩ። ሌሊቱን ግን ያንን በራፍ አስበዋለሁ። ልገባ ነው። ሰዎቹ እየሮጡ ሊመጡ ነው። «ክርስቲያን፣ የት ጠፍተህ ነው?» ሊሉኝ ነው። ምን ልበላቸው? ቦንጋ ነው ልበል? ኔትወርክ የለም ልበል? መዝጌ፣ የልጄ ሞት አንድ ቀን ነው የገደለኝ። አንተን መዋሸት ግን በየቀኑ ነበር። ካሁን በኋላ የሚዋሽ ጉልበት የለኝም፤ ጌም ውስጥ ላለ ሰው እንኳ።

በእኔ መንደር ሁሉም ያውቃሉ። አልቅሼ ነግሬያቸዋለሁ፤ ሰሙም አልሰሙም አልብሻቸዋለሁ።

ዛሬ ሶፊ ከሥራ ፈቃድ ወስዳ ከፈተችው። «የቱን ላስቀር?» አለ። ልጅቷ እንደለመደችው ወደ «በኋላ» ስትሄድ እጇን ያዝኩት። «የማሽኑን በይው» አልኳት። «እማዬ፣ የእሱ አይመለስም እኮ» አለችኝ። አውቃለሁ አልኩ። እርግጠኛ ናችሁ ወይ ብሎ ደግሞ ጠየቀ። ጋሽ መሸሻ ተነስቶ ወደ ደጅ ወጣ። ጆይስቲኩን ከሶፊ ተቀብዬ እኔው ተጫንኩት።

ከዚያ ማሽኑን ጠርጋ ከአዲስ አስጀመረችው። ባዶ ሜዳ ነው፤ ቤትም ሰውም የለበትም። እስካሁን አልገባሁም።

ስልክህ ላይ ተመልከት፤ ያ ትንሽ ፎቶ የለም። በቦታው ካናቴራ ለብሼ የቆምኩት እኔ ነኝ። እንግዲህ የቀረን ልጄ የሞተበት መንደር ብቻ ነው።

ብርቅዬ